የሚስቴ ፈቃድ

ባለቤቴ ሲስተር ናት። የእናቴ ልጅ ናት ማለቴ አይደለም፤ የጤና ጣቢያ ሲስተር፣ አዋላጅ ናት። አምቦ ላይ ስሟን የሚጠራ ሰው የለም። ሲስተር ይሏታል፣ እኔን ደግሞ የሲስተር ባል ይሉኛል። እኔ አናጺ ነኝ። በዚህ ከተማ ብዙ ሰው ጠዋት የሚወጣው ማታ የሚገባው እኔ በገጠምኩት በር ነው። ሆኖም አንድም ቀን መንገድ ላይ አስቁሞኝ «በርህ እስካሁን አልተጣመመም» ያለኝ ሰው የለም። ከእሷ ጋር ስሄድ ግን በየአሥር እርምጃው እንቆማለን። «ሲስተርዬ፣ ይኸውልሽ ልጅሽ» ይሏታል፣ አንድ ጎረምሳ እየገፉ። ጎረምሳው ያፍራል። እኔ ዕቃ ተሸክሜ እቆማለሁ።

ይህን የምጽፈው እኔ ፊደል የቆጠርኩት በደርግ ጊዜ፣ በመሠረተ ትምህርት ነው። ከዚያ በኋላ ትምህርት ቤት የገባሁት መስኮት ልገጥም ብቻ ነው። ስለዚህ ቃሉ ቢጣመም አትፍረዱብኝ።

ያገኘኋት ሸነን የምትባል ትንሽ ከተማ ነው። እሷ ገና ጤና ረዳት ሆና ተመድባ ነበር፤ እኔ የክሊኒኩን መስኮት ልሠራ ሄጄ። በአሥራ ሁለት ዓመት እበልጣታለሁ። ያን ጊዜ ትልቁ ሰው እኔ ነበርኩ። ማታ ከክሊኒኩ ወደ ቤቷ የምሸኛት፣ ጅቡን በድንጋይ የማባርረው፣ ደብዳቤዋን ፖስታ ቤት የማደርሰው እኔ ነበርኩ። ኋላ ተምራ አዋላጅ ሆነች፣ ወደ አምቦ ተዛወረች፣ እኔም መሣሪያዬን ጠቅልዬ ተከተልኳት። ልጆች ወለድን፣ አደጉ፣ ወጡ። ሁለታችን ቀረን። ሁለት ሰው በቀረበት ቤት ቅናት ሰፊ ቦታ ያገኛል።

ነገሩ የጀመረው በማኅበር ነው። ኮሮና ያለፈ ሰሞን ነው፤ አንድ ቅዳሜ ነጠላዋን አጣጥፋ አስቀምጣ ሹራብ ለብሳ ወጣች።

«ወዴት ነው?» አልኳት።

«ማኅበር አለብኝ።»

«ዛሬ ሃያ ሦስት ነው እንዴ?» እኛ ቤት ማኅበር ማለት የጊዮርጊስ ነው። በየወሩ በሃያ ሦስት፣ ዳቦና ጠላ ያለው።

«የጊዮርጊስ አይደለም። የአዋላጆች ማኅበር ነው።»

«ምን ይበላበታል?»

«ምንም አይበላበትም። ስለ ሙያችን እንነጋገራለን። መብታችንንም፣ ግዴታችንንም።»

በደርግ ጊዜ እኔም የእንጨት ሥራ ማኅበር ውስጥ ነበርኩ። እዚያም አይበላም ነበር፤ ስለዚህ ማኅበሩ ብዙ አልቆየም። ይህንን ነገርኳት። «የእናንተ ጣውላ ስለጠፋ ነው የፈረሰው» አለችኝና ሄደች። እውነቷን ነው። ያም ቢሆን አናደደኝ።

የማኅበሩ ተጠሪ ደግሞ ወንድ ነው። ወንድ አዋላጅ! መጀመሪያ ስሰማ የምትቀልድ መስሎኝ ነበር።

«ወንድ ልጅ እዚያ ምን ሊሠራ ይገባል?»

«እኔ የምሠራውን።»

«ሴቶቹ አያፍሩም?»

«ምጥ ላይ ያለች ሴት ስለ አንተ ዕፍረት አታስብም። እጁ ንጹሕ ነው፣ አይቸኩልም፣ አይሳደብም። ይበቃታል።»

ወጣት ነው፤ ቢበዛ የትልቁ ልጃችን እኩያ። ከወለጋ በኩል የመጣ፣ ቀጭን፣ ጥርሱ ነጭ። ወንዱን ነርስ ብራዘር ነው የሚሉት። እሱ ሲስተር ይላታል፣ እሷ ብራዘር ትለዋለች። ስልኩ ሲጮህ «አቤት ብራዘር!» ትላለች፤ ድምፅዋ ከወንበሯ ቀድሞ ይነሣል። እኔ ይህን ያህል ዘመን አብሬያት ኖሬ የቤት ስሜ «አንተ» ነው። «አንተ፣ ውኃው መጣ?» «አንተ፣ በሩን ዝጋ።» ስሜን የምትጠራው ሽማግሌ ፊት ስትከሰኝ ብቻ ነው።

አንድ ምሽት እራት ላይ ደወለ። ድምፁ ከስልኩ አልፎ ለእኔም ይሰማል።

«ሲስተር፣ ፈቃድሽ እኮ ሊያልቅ ነው!»

ጉርሻዬን መለስኩት። ስልኩን እስክትዘጋ ጠበቅኩ።

«ፈቃድሽን የምሰጠው እኔ ነኝ» አልኳት። «ሲያልቅ የሚነግርሽ እሱ የሆነው ከመቼ ወዲህ ነው?»

መጀመሪያ አልገባትም። ሲገባት ሳቀች፤ እስክትታነቅ ሳቀች። ውኃ ሰጠኋት። ከዚያ እንደ ተማሪ አስረዳችኝ። ፈቃድ ያለችው የሙያ ፈቃድ ነው። ነርስም አዋላጅም ያለሱ የሰው ገላ መንካት አይችልም። ዘመን አለው፣ ሲያልቅ ይታደሳል። ለማሳደስ ሥልጠና መውሰድ ያስፈልጋል፤ ሥልጠናው ነጥብ ያስገኛል፣ ነጥቡ የሚታወቀው በሰርተፍኬቱ ነው። ሰርተፍኬት ከሌለ ነጥብ የለም፣ ነጥብ ከሌለ ፈቃድ የለም።

«ግማሹን ከተማ አዋልደሽ፣ አሁን ታውቂያለሽ አታውቂም ብለው ሊጠይቁሽ?»

«ይጠይቁኝ እንጂ። የዛሬ ሃያ ዓመት የተማርኩትን ይዤ ብቀመጥ ሴት እገድላለሁ።»

ሳህኗን አንሥታ ወጣች። እኔ ግን ተቀምጬ አሰብኩ፤ ቀናሁም። በሰውየው ብቻ አይደለም፤ በወረቀቱም ቀናሁ። ለእኔ እጅ ማንም ፈቃድ ሰጥቶት አያውቅም፣ ማንም ነጥቆትም አያውቅም። በር ሠራሁ አልሠራሁ፣ አገር ምን ቸገረው? የእሷን እጅ ግን መንግሥት ያውቀዋል። ዘመኑ ሲያልቅ የሚደነግጥለት አለ።

ሥልጠናው ጊንጪ ነበር፣ አምስት ቀን። ሄደች። ስትመለስ አዲስ ቦርሳና እስክሪብቶ ይዛ፣ ፊቷ ታጥቦ የተሰጣ ልብስ መስሎ መጣች። ስልኳ ላይ ፎቶ አሳየችኝ። ሃያ የሚሆኑ ሰዎች ተሰልፈዋል። ብራዘር የት ቢቆም ጥሩ ነው? እሷ አጠገብ።

«ይህ ሁሉ ቦታ እያለ ለምን እዚህ ቆመ?»

«ረጅም ስለሆነ ዳር አቆሙት።»

«አንቺስ?»

«እኔ፣ ሰውዬ፣ ደክሞኛል። እግሬን ልታጠብ።»

ሰርተፍኬቱ ገና አልተፈረመም ነበር፤ ሲፈረም ይላካል ተብለው ነው የተበተኑት። ይህን ያኔ አልነገረችኝም። ነግራኝም ይሆናል፤ እኔ ፎቶውን እያየሁ ስለነበር አልሰማኋት ይሆናል።

ሁለት ሳምንት እንዳለፈ፣ እሷ ሥራ ላይ ሳለች በሩ ተንኳኳ። ብራዘር ነው። የጉዞ ቦርሳ በትከሻው አንግቷል።

«አካም ጅርቱ፣ አባ? ሲስተር የለችም?»

«የለችም።»

«ጤና ጣቢያ አጣኋት፣ ወጣ ብላለች አሉኝ። እኔ ፈቃድ ወጥቻለሁ፣ መኪና ሊያመልጠኝ ነው። ይሄንን ይስጡልኝ። በእጅዋ ይሁን፣ ማሎ፣ እባክዎን።»

ቡናማ ፖስታ ሰጠኝና እየሮጠ ሄደ። በእጅዋ ይሁን! የእኔ እጅ ምን ሆነ? ፖስታውን በፀሐይ አየሁት። ወፍራም ወረቀት ነው፣ ደብዳቤ አይመስልም። የጠርዙን ማጣበቂያ በመሮ ጫፍ ትንሽ ከፈት አደረግኩ፤ መሮዬ ስለታም ነው። ዳር ዳሩን ወርቃማ አበባ ተስሎበታል። መሃሉ ላይ ቀይ ነገር አለ። ጽሑፉ በፈረንጅ ፊደል ነው። የኦሮምኛው ቁቤ ይሁን እንግሊዝኛ እኔ አልለይም። ኦሮምኛን በአፌ አውቀዋለሁ፤ በወረቀት ላይ ሲመጣ ግን አንተዋወቅም።

እኔ በሕይወቴ ወርቃማ አበባ ያለበት ወረቀት ያየሁት የሠርግ ካርድና ወጣቶች የሚላላኩት የፍቅር ካርድ ብቻ ነው። ሠርግ ደግሞ አልነበረም።

ደሜ ፈላ። ልቀደው ብዬ ነበር። እጄ እምቢ አለኝ፤ ወረቀቱ ያምራል። መሣሪያ ሣጥኔን ከፍቼ ከመላጊያው ሥር አስተኛሁትና ቆለፍኩ። ማታ ስትመጣ ውኃ አሞቅሁላት። ሰው ሲበድል ውኃ ያሞቃል።

ከዚያ በኋላ እሷ መጨነቅ ጀመረች። ሰርተፍኬቱ አልመጣም ትላለች። ማኅበሩ ዘንድ ደወለች፤ ለተጠሪያችሁ ሰጥተናል አሏት። ተጠሪው ብራዘር ነው። ብራዘር ደግሞ አገሩ ገብቷል፤ እሱ ከገባ በሳምንቱ እዚያ ኔትወርክ ተቋርጧል። «የደወሉላቸውን ደንበኛ ማግኘት አይችሉም» ትላለች ሴትዮዋ በስልኩ። ባለቤቴ ቁጭ ብላ ደጋግማ ትደውልለታለች። እኔ እያየሁ፣ ሰርተፍኬት የምትለው ነገርና ሣጥኔ ውስጥ ያለው ነገር ለየቅል እንደሆኑ ለራሴ እነግራለሁ። እሷ የምትፈልገው የመንግሥት ወረቀት ነው። የመንግሥት ወረቀት አበባ የለውም። እንደዚህ አምኜ ነበር፤ ወይም ማመን ፈልጌ ነበር። አሁን የትኛው እንደሆነ መለየት ያቅተኛል።

«ምን አስቸኮለሽ? ይመጣል» አልኳት አንድ ቀን።

«ቀኑ ካለፈ ከማዋለጃ ክፍል ያወጡኛል።»

«ሌላ ለምን አያጽፉልሽም?»

«አመልክቻለሁ። ፈራሚው መስክ ነው አሉኝ።»

ቀኑ አለፈ። ኃላፊዋ ጥሩ ሰው ናት፤ እያለቀሰች ነው አሉ የነገረቻት። «ሲስተር፣ እኔም ፈቃዴን አጣለሁ» ብላ። ካርድ ክፍል አስቀመጧት። ስም መጻፍ፣ ዕድሜ መጻፍ፣ ቀበሌ መጻፍ።

እውነቱን ልናገር፤ ደስ አለኝ። አዳር የለ፣ ቅዳሜ የለ፣ ብራዘር የለ። በአሥራ አንድ ሰዓት ቤቷ ናት። ሁለት ሳምንት ሙሉ አብረን እራት በላን። የምትበላው ግን እንደ እንግዳ ነበር፤ ጫፍ ጫፉን። እጇን እያገላበጠች ታያለች። «ምን ሆነ?» ስላት «ደረቀ» አለችኝ። ለካ ያ እጅ ለስላሳ የሚሆነው በቀን ሃያ ጊዜ ታጥቦ በጤና ጣቢያው ቅባት ሲታሽ ነው። እኔ የገዛሁላት ቅባት መስሎኝ ነበር።

አንድ ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ ጎረቤታችን አጥሩን አልፋ እየጮኸች መጣች። ልጇ ምጥ ይዟታል። ያቺን ልጅ ሚስቴ ናት ያዋለደቻት፤ እዚሁ ግቢያችን ስትጫወት ነው ያደገችው። ባጃጅ አስቆምን፣ እኔ በአንድ ወገን ደግፌ ይዣት ጤና ጣቢያ ደረስን።

ባለቤቴ በካርድ ክፍሉ መስኮት ውስጥ ተቀምጣለች። ልጅቷ አየቻትና እጇን ዘረጋች።

«እማዬ ሲስተር! አንቺ ነይልኝ!»

ባለቤቴ ብድግ አለች። መልሳ ተቀመጠች።

«ዕድሜ?» አለች።

የልጅቷ እናት አፏን ከፈተች። «ዕድሜ? አንቺ አይደለሽ እንዴ የቆጠርሽላት?»

«ውስጥ ያሉት ልጆች ጎበዞች ናቸው። እኔ ፈቃድ የለኝም።»

«የማን ፈቃድ? የማንን ፈቃድ ነው የምትፈልጊው?» ሴትየዋ ወደ እኔ ዞረች። «አንተ ነህ እንዴ የከለከልካት?»

ጎረቤታችን የሙያ ፈቃድ የሚባል ነገር አታውቅም። ፈቃድ ሲባል እንደ እኔ ባል ነው የመጣባት። ሳታውቅ እውነቱን ተናገረች። እኔ የልጅቷን ነጠላ ይዤ ቆሜያለሁ። ባለቤቴ አንገቷን ደፍታ ትጽፋለች። ሠላሳ ዓመት ሲያዋልድ የኖረ እጅ እስክሪብቶ ይዞ ቀበሌ ሲጽፍ አየሁ።

ልጅቷ በሰላም ተገላገለች፣ እግዚአብሔር ይመስገን። ባለቤቴ በሩ ላይ ቆማ የሕፃኑን ድምፅ ሰማች፤ አልገባችም። የሕፃኑ ለቅሶ ሲሰማ ከንፈሯ ሲቆጥር አየሁ። የሕፃኑን ትንፋሽ ይሆናል፤ አልጠየቅኳት።

ያን ጊዜ ነው ወርቃማው አበባ ያስፈራኝ። ቤት ገብቼ ፖስታውን አወጣሁ። ግን ማን ያንብብልኝ? ለእሷ ብሰጣትና ካርድ ቢሆንስ? ለጎረቤት ባስነብብና ሰርተፍኬት ቢሆንስ? ረቡዕ ማታ ብራዘር ከአገሩ ተመልሶ ገባ ሲሉ ሰማሁ። ሐሙስ ማለዳ የሁሉቃ ወንዝ ድልድይ ላይ ጠበቅኩት፤ ወደ ሥራ የሚያልፈው በዚያ ነው።

«አባ! ደኅና ነዎት? ሲስተር ደኅና ናት?»

«ይህንን አንብብልኝ» አልኩት።

ፖስታውን አየው። እኔን አየኝ። ወረቀቱን አወጣ።

«ይሄ እኮ የጊንጪው ሰርተፍኬቷ ነው። የሰጠሁዎት ቀን አልሰጧትም?»

«አንብበው።»

አነበበው። ስሟን፣ የአባቷን ስም፣ የአያቷን ስም። ሥልጠናውን፣ ነጥቡን። ቀዩ ነገር ማኅተም ነበር። የእኔ ስም የትም የለም። ያን ጊዜም፣ በዚያ ዕፍረት መካከል፣ ይህ ቆጨኝ።

«ምን መስሎዎት ነው?»

«ካርድ።»

«የምን ካርድ?»

«የወጣት ካርድ። አንተ የሰጠሃት።»

እንደሚስቅ ጠብቄ ነበር። ቢስቅ እመታው ነበር ይሆናል፤ ወይም ይቀለኝ ነበር። አልሳቀም። ወረቀቱን ወደ ፖስታው መልሶ ሰጠኝ።

«እኔ አገሬ የገባሁት ባለቤቴ ልትወልድ ደርሳ ነው፣ አባ» አለኝ። «ሲስተር አልነገረችዎትም? ኔትወርኩ ሳይቋረጥ፣ ምጧ ጠንቶባት፣ ሲስተር ናት እዚህ ሆና በስልክ ስታስረዳኝ የነበረችው። በራስ ሚስት ላይ እጅ ይከዳል።»

የዚያ ሰሞን ጥሪዎች ሁሉ ትዝ አሉኝ። «አይዞህ ብራዘር፣ በደንብ ትተንፍስ» ስትለው ሰምቼ ነበር። እኔ ሌላ ነገር አድርጌ ነበር የሰማሁት።

ከዚያ አንድ ነገር አለ። ድምፁን ዝቅ አድርጎ፦ «ለሲስተር እኔ እነግራታለሁ። ረስቼው ቦርሳዬ ውስጥ አገሬ ይዤው ሄጄ ነበር እላለሁ። ለጤና ቢሮውም እንደዚያው። እርስዎ ከዚህ ውስጥ የሉበትም።»

እንግዲህ አስቡት። ከዕፍረት የሚያወጣኝ ገመድ ነው የወረወረልኝ። ጥሩ ልጅ ነው፤ ይህን ዛሬ እመሰክራለሁ። ግን እኔ ሌላ ነገር አየሁ። እሱ ጥፋቱን ተሸክሞ ሊቆም ነው። እሷ ልትቆጣው፣ ኋላ ልትስቅ፣ ኋላ ይቅር ልትለው ነው። በእኔ ጥፋት ይቅርታዋን እሱ ሊወስድ! እኔ ደግሞ ዕድሜዬን ሙሉ የዚህ ልጅ ባለዕዳ ሆኜ፣ «አቤት ብራዘር» ስትል አንገቴን ደፍቼ ልሰማ። የለም።

«አልፈልግም» አልኩት። «የራሴ ጥፋት ነው። ራሴ እነግራታለሁ።»

ሰዎች ኋላ ሲያወሩት፣ ሽማግሌው እውነት ተናገረ፣ ልቡ ተመለሰ ይላሉ። ልቤ አልተመለሰም። ቀንቼ ነው የተናዘዝኩት።

ማታ ጫማዋን ስታወልቅ ፖስታውን ጭኗ ላይ አኖርኩት። አወጣችው። ማኅተሙን በጣቷ ነካችው። የመሮውን ጭረት አየች፤ የማን እጅ እንደሆነ አወቀች።

«የት ነበረ?»

«ከመላጊያው ሥር።»

«ስንት ቀን?»

«ሰባት ሳምንት።»

አልጮኸችም። ብትጮህ በወደድኩ። ካርድ መስሎኝ መሆኑን ነገርኳት። ወርቃማውን አበባ በጣቴ አሳየኋት። አበባውን አየችው።

«በዚህ ዕድሜዬ ካርድ የሚልክልኝ ሰው ያለ መሰለህ?» አለችኝ።

«መሰለኝ።»

ፊቷ ላይ አንድ ነገር አለፈ። ሳቅ አይደለም፤ ሳቅ ሊሆን ይችል የነበረ ነገር ነው። ወዲያው ጠፋ።

«የዘገየሁበትን ምክንያት ቢሮው በጽሑፍ ይፈልጋል» አለች። «እኔ አልዋሽልህም፣ አልጽፍልህምም። ተነሥ፣ ራስህ ጻፍ።»

ጻፍኩ። ሁለት ቀን ፈጀብኝ። እስካሁን ቃሉን አስታውሰዋለሁ፦ «ለሚመለከተው ሁሉ። ፖስታውን የደበቅኩት እኔ ባሏ ነኝ። ሰርተፍኬት መሆኑን አላወቅኩም፣ ካርድ መስሎኝ ነው። እሷ ጥፋት የለባትም። ፈቃዷ ይመለስላት።» ከታች ፈረምኩ።

ቢሮው የሚሠራው በኦሮምኛ ነው፤ መተርጎም አለበት ተባለ። ማን ተረጎመው? ብራዘር! እሱ በቁቤ ሲጽፍ እኔ አጠገቡ ተቀምጬ፣ «ካርድ» የሚለው ጋ ሲደርስ እስክሪብቶው ትንሽ ቆመ። ጸሐፊዋ ለጓደኛዋ አነበበችላት፣ ጓደኛዋ ለዘበኛው ነገረችው። ከዚያ ወዲህ በከተማው የሲስተር ባል መባሌ ቀርቷል። አባ ፖስታ ነው የሚሉኝ። በመጨረሻ የራሴ ስም አገኘሁ።

ፈቃዱ ታደሰ። የመለሷት ሰኞ ቀን ነው። እስኪነጋ አልጠበቀችም፤ ጋውኗን ስትተኩስ ነው ያየኋት። ወረቀቶቿን ግን ከቤት አወጣች። ጤና ጣቢያ ባለው ቁምሣጥኗ ውስጥ ትቆልፋቸዋለች። ቁልፉን የያዘው ክር አንገቷ ላይ ነው፣ ከማተቧ ጋር። ቁምሣጥኑን የሠራሁት እኔ ነኝ፤ ከነቁልፉ። ይህን አንሥቼላት አላውቅም።

ማኅበሩ እዚህ አካባቢ ሲሰበሰብ አሁን የምታስተባብረው እሷ ናት። ስልኩም በዝቷል። ብራዘር ሲደውልላት አዲስ ልማድ አውጥታለች፦ ድምፁን ከፍ አድርጋ ገበታው ላይ ታስቀምጠዋለች፣ እኔ ፊት። ትናንትም እንደዚሁ። ጓንት ስለማለቁ አወሩ፣ ደንዲ ወረዳ ስላለች አዲስ አዋላጅ አወሩ፣ ስለ ሕፃን ልጁ ጥርስ አወሩ። ሲጨርሱ ዘጋችው።

«ሰማህ?»

«ሰማሁ። ጓንት አልቋል።»

«ሌላስ?»

ዝም ማለት ነበረብኝ። አልቻልኩም።

«ሲስተር ሲልሽ» አልኳት፣ «መጨረሻዋን ፊደል ለምንድነው የሚያስረዝማት?»

ማንኪያውን አንሥታ በሩን አሳየችኝ። ወጣሁ። በረንዳው ላይ ተቀምጬ ስሰማ፣ ውስጥ ብቻዋን እየሳቀች ነበር። በሩ ግን ተዘግቷል። ራሴ የሠራሁት በር ነው፤ ያለ እሷ ፈቃድ አይከፈትም።